አውቀዋለሁ ባዩ ዋስ

ውኃ በሳምንት አንድ ቀን የሚመጣበት ከተማ አለ። መብራት ሲመጣ ልጆች እልል የሚሉበት ከተማም አለ። ዋስ የሌለው ከተማ ግን በአገራችን ገና አልተቆረቆረም። ዋስ ስንል ዘመድ እግሩ ላይ ወድቆበት፣ ሽማግሌ በሩ ላይ ተደርድሮበት የሚፈርመውን ማለታችን አይደለም፤ እንዲያማ ሁላችንም ነን። ሳይጠሩት የሚመጣውን ነው። ከፖሊስ ጣቢያ በር የማይጠፋው፣ ችሎት ውስጥ የራሱ መቀመጫ ያለው፣ የማያውቀውን ሰው «አውቀዋለሁ» ብሎ ንብረቱን የሚያስይዘው፣ ሚስቱ ስሙን ከመጥራቷ በፊት በረጅሙ የምትተነፍስለት ሰውዬ። በሰፈሬ እንዲህ ያለ የለም የሚል ካለ ሚስቱን ይጠይቃት፤ ምናልባት እሱ ራሱ ይሆናል።

ለመሐል ሜዳ የተሰጧት ክቡር አቶ ይታየው ቢተው ናቸው። ከገበያው ዝቅ ብሎ ባለው ወፍጮ ቤታቸው የመንዝን ገብስ ሲፈጩ ስለሚውሉ ቅንድባቸውም ጢማቸውም ዱቄት ነው። ችሎት ሲገቡም አራግፈው አይገቡም፤ ጊዜ የላቸውም። አንድ ሰው ታሰረ ሲባል ሞተሩን አጥፍተው፣ ያልተፈጨውን እህል ለባለቤቶቹ አደራ ብለው፣ እንደ ነጭ ደመና ወደ ላይኛው ሰፈር ይበራሉ። የፍርድ ቤቱ ጥበቃ አይፈትሻቸውም። ያቺ በሩ አጠገብ ያለች አግዳሚ ወንበር ደግሞ ማንም ሌላ ሰው ተቀምጦባት ሲነሣ ሱሪው ነጭ ስለሚሆን ለእሳቸው ተትታለች።

አንድ ጊዜ ከግሼ መጥቶ ገበያ ላይ የተደባደበ እንግዳ ቀርቦ ዋስ ሲጠየቅ አቶ ይታየው ተነሡ።

«ተጠርጣሪውን ያውቁታል?» አላቸው ዳኛው።

«አውቀዋለሁ፣ ክቡር ፍርድ ቤት።»

«ስሙ ማን ነው?»

«አሁን ሲነበብ ሰማሁት። ጥሩ ስም ነው።»

ሰውዬው ተፈታ። ደግነቱ በቀጠሮው ቀን መጣ፤ ለአቶ ይታየውም አንድ ጋሻ የሚያህል ቂጣ ይዞላቸው። ይህ አቶ ይታየውን ጨርሶ አበላሻቸው። ከዚያ ወዲህ ሰውን ማወቅ ማለት ፊቱን አንድ ጊዜ ማየት ነው ብለው ደመደሙ። በሠራተኛነት ለምትቀጠር ልጅ ዋስ ሆኑ። ለአንድ ሙሽራ «አይጠጣም» ብለው ዋስ ሆነው፣ ሙሽራውን ከሠርጉ ድንኳን ተሸክመው ያወጡት እሳቸው ናቸው። ከብት ተራ ውስጥ ደግሞ አንድ በሬ የተሰረቀ አለመሆኑን ዋስ ገብተው ሲያበቁ፣ ማንም ሳይጠይቃቸው «አይዋጋምም» ብለው ጨመሩ። በሬው ዋሱን ራሳቸውን ወግቶ አጥር ላይ ሰቀላቸው። ከአጥሩ ላይ ሆነው «ደንግጦ ነው፤ ጠባዩን አውቀዋለሁ!» ሲሉ የሰማቸው ሰው ብዙ ነው።

ከተማው «አቶ» ይላቸዋል፤ የተፈቱ ሰዎች ደግሞ «አባቴ»። ሚስታቸው ወሰንየለሽ ግን «አንተ» ነው የምትላቸው። እኛም በዚህ ጉዳይ የቆምነው ከእሷ ጋር ስለሆነ፣ ከእንግዲህ ይታየው እንበለው።

ወሰንየለሽ ስሟ እንዲያ ይሁን እንጂ የቤቱን ወሰን የምትጠብቀው እሷ ናት። ወፍጮው የጋራቸው ነው፤ ሲገዛ የእናቷ በጎች ተሸጠውበታል። ባሏ ዋስ በገባ ቁጥር የእናቷን በጎች አንድ በአንድ ወደ ፍርድ ቤት ሲነዳቸው ይታያት ነበር። ትቆጣለች፣ ታኮርፋለች፣ ሁለት ቀን ሳታናግረው ትቆያለች። እሱም ሁለቱን ቀን በትዕግሥት ያሳልፍና በሦስተኛው ቀን ደግሞ አንዱን ያውቀዋል።

ነገሩ የከረረው በአናጺው በዳኜ ነው። ዳኜ በር ልሥራ ብሎ የሰው ጣውላ ተቀብሎ ጣውላውም በሩም ጠፍቶ ተከሰሰ። ይታየው አወቀው። ዳኜ በዋስ ወጣና ወደ ዓለም ከተማ ነው አሉ፣ ወደ ጅሩ ነው አሉ፣ እንደ ጣውላው ጠፋ። ወፍጮው ታሸገ። ወሰንየለሽ ዕድሜዋን ሙሉ የወፍጮው ጩኸት ራሴን አመመኝ ስትል የኖረች ሴት ናት፤ ያን ሰሞን ግን ያመማት ዝምታው ነበር። ሴቶች እህላቸውን ተሸክመው በእነ ወሰንየለሽ በር አልፈው ከወንዙ ማዶ ወዳለው ወፍጮ ሲሄዱ፣ አንዳንዷ እንዳታያቸው ፊቷን ታዞርላቸው ነበር። ከንቀት ሳይሆን ከይሉኝታ ነው፤ እሱ ደግሞ ይብሳል።

የዋስትናው ገንዘብ ተከፍሎ ማኅተሙ ከተነሣ በኋላ ወሰንየለሽ ባሏን ይዛ ወደ ንስሐ አባታቸው ወደ መምሬ ፍቅረ ሥላሴ ሄደች።

«ከእንግዲህ ለሰው ዋስ አልሆንም ብሎ ይማልልኝ፣ አባቴ።»

መምሬ ፍቅረ ሥላሴ ይታየውን በኀዘኔታ አዩት። እሳቸውም አንድ ጊዜ በቤተ ክርስቲያን ቆርቆሮ ነገር ተጠርጥረው ዋሳቸው ይታየው ነበር።

«ጨርሶ ነው፣ ልጄ?» አሉ ወሰንየለሽን። «ለዘመድስ? ለጭንቅስ?»

«ጨርሶ ነው አባቴ። ይህ ሰው ቀዳዳ ከተተወለት በእሱ ነው የሚገባው።»

ይታየው በሚካኤል ማለ። ሲወጡ እግሩ ከበድ ያለው ይመስል ነበር። እሷ ግን ያን ቀን መንገዱን ሁሉ እየዘመረች ሄደች።

መሐላው ገና ወር ሳይሞላው ማሙሽ ታሰረ።

ማሙሽ የወሰንየለሽ ታናሽ ወንድም ነው፤ ከእናቷ ልጆች የመጨረሻው። የሰው አይሱዙ ይነዳል። ከደብረ ብርሃን ዕቃ ጭኖ ሲመጣ ኬላ ላይ ተፈተሸና ከጃኬቱ የውስጥ ኪስ በፌስታል የተጠቀለለ ሐሺሽ ተገኘበት። ብዙ አልነበረም። ቢሆንም በመሐል ሜዳ ሰው ተደባድቦ ቢታሰር ግማሽ ገበያ ጣቢያ ድረስ ይጠይቀዋል፤ በድንበር ተጣልቶ ቢታሰር ምሳ ይላክለታል። ሐሺሽ ሲባል ግን ሁሉም ቤቱን ዘጋ። ጎረቤቷ ተሾመች ብቻ በአጥሩ ላይ አንገቷን አስግጋ፣

«እውነት ነው ወሰኔ? ያሳብዳል አሉ እኮ። ሰው ይነክሳል እንዴ?» አለቻት።

ወሰንየለሽ መልስ ሳትሰጣት ምሳ ቋጥራ ወደ ጣቢያ ሄደች። ማሙሽ በግቢው ጥግ ፀሐይ ላይ ቁጭ ብሏል። ጃኬቱን ስለወሰዱበት ብርድ ያንቀጠቅጠዋል።

«ሰው ነው አይደል የሰጠህ? ለሰው ነው የያዝከው?» አለችው ድምጿን ዝቅ አድርጋ።

«የኔ ነው፣ እታለም።»

«እስኪ ደህና አድርገህ አስብ።»

«አስቤያለሁ። የኔ ነው። ለማንም አልሸጥኩም። ግን የኔ ነው።»

«ምን ያደርግልሃል?»

ማሙሽ እንጀራውን ቆርሶ ሳይጎርሰው ቆየ። «በአዋሽ መስመር ስነዳ ነው የጀመርኩት። ራሴ ውስጥ ያለው ጩኸት ይቀንስልኛል።»

«የምን ጩኸት?»

«እኔ እንጃ። የሁሉም ነገር።»

ወሰንየለሽ ለጩኸት እንግዳ አልነበረችም። ማሙሽ ዋሽቶ አያውቅም፤ መሸሽ ግን ያውቅበታል። ከቄስ ትምህርት ቤት ሸሽቷል። ከአራተኛ ክፍል ሸሽቷል። ከታጨችለት ልጅ፣ ጠላው ተጠምቆ፣ ድንኳኑ ተተክሎ፣ በሠርጉ ሰሞን ሸሽቷል። አባታቸው ሲሞቱ እንኳ ለቀብር መጥቶ አፈር ሳይመለስ ሄዷል። በዚህ ዓለም ላይ ስለ ማሙሽ ዋስ ለመሆን የማይመች ሰው ቢፈለግ እሱን በደንብ የምታውቀው እህቱ ነበረች።

ቤት ስትመለስ ይታየው ምድጃው አጠገብ ተቀምጧል። ሌላ ጊዜ ቢሆን ይህን ሰዓት ከጣቢያ ፍርድ ቤት ሲሯሯጥ፣ ስለ ማሙሽ ዐይን አፋርነት ለፖሊሶች ሲያስረዳ ይገኝ ነበር። አሁን ግን እንጨት ገፋ ያደርጋል፣ እንጨት ሳብ ያደርጋል።

«ነገ ፍርድ ቤት ያቀርቡታል» አለች።

«ሰማሁ።»

«እና?»

«እና ምን? ሚካኤል አለብኝ።»

«እኔ ምን አልኩህ?»

«ምንም አላልሽም። እኔም ምንም አላልኩም።»

ወደ መምሬ ፍቅረ ሥላሴ ሄዳ ያሰረችውን ፍቱልኝ ማለት ትችል ነበር። የቤታቸው ርቀት ጥቂት ነው። ግን እየዘመረች የመጣችበትን መንገድ አንገቷን ደፍታ ልትመለስበት አልሆነላትም። ዋስ አይጠፋም ብላ ራሷን አጽናናች። የማሙሽ አሠሪ አለ፤ የአጎታቸው ልጅ አለ፤ ማሙሽ በነፃ ሲያመላልሳቸው የኖሩ ስንት ነጋዴዎች አሉ።

በማግስቱ ችሎቱ ውስጥ አንዳቸውም አልነበሩም።

ዳኛዋ ብሌን ትባላለች፤ ወደ መሐል ሜዳ ከተዛወረች ብዙም አልቆየችም፤ ብርዱን ገና አልለመደችውም፤ ከጥቁሩ ካባ ሥር ወፍራም ሹራብ ደርባለች። መርማሪው ፖሊስ ቆሞ አቤቱታውን አሰማ። የተያዘው አደንዛዥ ዕፅ ታሽጎ ለምርመራ ወደ አዲስ አበባ ተልኳል፤ ውጤቱ እስኪመጣ ተጠርጣሪው በጣቢያ ይቆይልን፣ የጊዜ ቀጠሮ ይሰጠን አለ።

«ዕፁ እናንተ እጅ ነው ያለው?» አለች ዳኛዋ።

«አዎ፣ ክብርት ዳኛ።»

«እንግዲህ ተጠርጣሪው ውጭ ቢሆን ዕፁን ምን ያደርገዋል?»

መርማሪው ጥቂት አሰበ። «ምስክሮችን ሊያባብል ይችላል።»

«ምስክሮቹ እነማን ናቸው?»

«ኬላ ላይ የፈተሹት... ፖሊሶች ናቸው።»

«ፖሊሶቹ ይባበላሉ?»

«አይባበሉም!» አለ መርማሪው ደንግጦ። ከኋላ የሳቀ ሰው ነበር፤ ዳኛዋ ቀና ስትል ሳል አስመሰለው።

«ሌላ ምክንያት አለ?»

«ሊሰወር ይችላል፣ ክብርት ዳኛ። ቋሚ አድራሻ የለውም። አይሱዙ ውስጥ ነው የሚያድረው።»

ይህኛው እውነት ነበር። ዳኛዋም ማሙሽን ጠይቃ አረጋገጠች። ጥቂት ጻፈችና ብይኗን ሰጠች። የተጠረጠረበት ነገር ዋስትና የሚያስከለክል አይደለም። ክሱ እስኪሰማ ሰው ጥፋተኛ አይባልም። ይሰወራል የሚለው ሥጋት ግን ባዶ ሥጋት ስላልሆነ፣ በከተማው የሚታወቅ፣ ንብረት ያለው የሰው ዋስ ያቅርብ፤ ከወረዳውም አይውጣ።

«ዋስ የሚሆን ሰው አለ?»

ችሎቱ በሙሉ ወደ በሩ ዞረ። መዝገብ ያዡ ከልማድ የተነሣ «አቶ ይታየው» ብሎ መጻፍ ጀምሮ ነበር። ጥበቃው እንኳ አንገቱን አስገባ።

ይታየው ጣሪያውን ያያል። ከጣሪያው ላይ ምን እንዳገኘ አይታወቅም፤ ብቻ ዐይኑን አልነቀለም። ሁለት እጆቹን ጭኖቹ ሥር ከትቷል። ጉልበቱ ግን ይንቀጠቀጣል፤ ከጉልበቱም ዱቄት ቡን ይላል። ወሰንየለሽ ከጎኑ ሆና ከንፈሩን አየችው። «አው...» ብሎ ይጀምርና ይውጠዋል፤ እንደገና «አው...» ይልና ይውጠዋል። በትዳር በኖሩበት ዘመን ሁሉ እንዲህ ሲሠቃይ አይታው አታውቅም፤ በሬ የወጋው ጊዜም ቢሆን።

ማሙሽ ከፊት ቆሞ ወደ ኋላ አልዞረም። ጃኬት የሌለው ጀርባው ብቻ ይታያል። ማንንም አልጠበቀም፤ እሷን ያስነሣት ይሄ ነው።

«እኔ እሆናለሁ።»

ዳኛዋ ወደ ፊት እንድትመጣ ነገረቻት። «ተጠርጣሪውን ያውቁታል?»

«ወንድሜ ነው። አዝዬ ነው ያሳደግኩት።»

«ይሸሻል ብለው ያስባሉ?»

ወሰንየለሽ መዋሸት አማራት። ባሏ እዚህ ቦታ ላይ ቆሞ ሲናገር ስንት ጊዜ ሰምታዋለች፤ ቃሉን በልቧ ታውቀዋለች። አልወጣ አላት።

«ሸሽቶ ያውቃል» አለች።

ማሙሽ አሁን ዞሮ አያት። መርማሪው ብዕሩን አነሣ።

«ታዲያ እንዴት ዋስ ይሆኑታል?»

«ከሸሸ ወፍጮው ይያዛል። ወፍጮው የኔ ነው፤ የባሌም ነው። እንደሚሸሽ እንደማይሸሽ አላውቅም። እኔ ግን የት እንዳለሁ ይታወቃል።»

ዳኛዋ ወደ በሩ ተመለከተች። «የጋራ ንብረት ከሆነ የባለቤትዎ ስምምነት ያስፈልጋል። አቶ ይታየው?»

ይታየው ከወንበሩ ብድግ አለ። «እኔ ዋስ አይደለሁም፣ ክብርት ዳኛ! ባል ነኝ!»

«ዋስ ነዎት አልተባለም። ይስማማሉ ወይ ነው።»

«መስማማት ዋስ መሆን ነው?»

«አይደለም።»

«በመሐላ ደረጃ ነው የምጠይቅዎት።»

«በሕግ ደረጃ አይደለም» አለች ዳኛዋ፣ ወደ መዝገቧ እያቀረቀረች። ፊቷን የደበቀችው ፈገግታዋ እንዳይታይ ይመስላል።

«እንግዲያስ እስማማለሁ! እጅግ አድርጌ እስማማለሁ!»

እንዲህ ሆኖ ማሙሽ በእህቱ ዋስትና ወጣና እነሱ ቤት ገባ። ወሰንየለሽ ዋስ መሆን ማለት ምን እንደሆነ ያወቀችው ከዚያ በኋላ ነው። ማሙሽ ጫማውን ሲያስር በሩ ላይ ትገኛለች። ውኃ ልቅዳ ብሎ ሲወጣ እሷም የምትቀዳው ውኃ ይኖራታል። ገበያ ስትሄድ ዕቃ ሳትገዛ ትመለሳለች። አንድ ቀን ወፍጮ ቤት ገብታ ባሏን፣

«አንተ ያን ሁሉ ሰው ዋስ ሆነህ እንዴት ነበር እንቅልፍ የሚወስድህ?» አለችው።

ይታየው የእህል ስልቻ እያነሣ ነበር። «ማን ወሰደው?»

«ታንኮራፋ አልነበር?»

«እንዳትጨነቂ ብዬ ነዋ» አለና ስልቻውን ወፍጮው አፍ ላይ ደፋው።

ክሱ የሚሰማበት የቀጠሮው ቀን ደረሰ። ወሰንየለሽ ስትነሣ የማሙሽ መደብ ባዶ ነው። ብርድ ልብሱ ታጥፏል። ማሙሽ ብርድ ልብስ አጥፎ አያውቅም። ባሏን ልትቀሰቅስ ዞረች፤ እሱም የለም። ወፍጮ ቤት ሮጠች፤ ተቆልፏል፤ ሦስት ሴቶች ገብሳቸው ላይ ተቀምጠው ይጠብቃሉ። «ምነው፣ ደግሞ ታሸገ እንዴ?» አለች አንዷ።

እስከ ፍርድ ቤቱ ያለውን መንገድ ብቻዋን ሄደች። በሩ አጠገብ ያለችው ነጭ አግዳሚ ላይ ተቀመጠች። ባሏ የት እንደሄደ ማሰብ አልፈለገችም። ዋስ መሆን ቢከለከል ምስክር ሆኖ ከሰው ጋር ሌላ አገር ሄዶ ይሆናል፤ ከእሱ የማይጠበቅ ነገር የለም። ከእሱ የምትጠብቀው አንድ ነገር ግን ነበር፤ ዛሬ አጠገቧ መቀመጥ። እሱንም ነፈጋት። ወፍጮው ዳግመኛ ሲታሸግ፣ ሴቶቹ ፊታቸውን ሲያዞሩላት ታያት። ከሁሉ የባሰው ግን ማሙሽ እንደ አባታቸው ቀብር ጊዜ ሳይሰናበታት መሄዱ ነበር።

የማሙሽ ስም ተጠራ። ማንም አልቆመም።

«ዋስ የሆኑት ወይዘሮ አሉ?»

«አለሁ።»

«ተከሳሹ የት ነው?»

«አላውቅም፣ ክብርት ዳኛ።»

ዐቃቤ ሕጉ ዋስትናው ተሰርዞ ወፍጮው ይያዝልን ሊል ተነሣ። ዳኛዋ እጇን አነሣችና ሌሎቹ መዝገቦች እስኪሰሙ ትንሽ እንጠብቅ አለች። አንድ የድንበር ክርክር ተሰማ። አንድ የቀለብ ጉዳይ ተሰማ። ወሰንየለሽ አንዱንም አልሰማችም። ሁለተኛው ክርክር ሊያልቅ ሲል በሩ ተከፈተና ሁለት ግራጫ ሰዎች ገቡ።

ፀጉራቸውም ቅንድባቸውም ልብሳቸውም ግራጫ ነው። ከሲሚንቶ ጭነት ላይ ተቀምጠው እንደመጡ ያስታውቃል። አንዱ ማሙሽ ነው። ሌላው ባሏ። ማሙሽ ወደ ፊት ሄዶ ቆመ። ይታየው አጠገቧ ሲቀመጥ ወንበሩ ላይ ሲሚንቶ ተበተነ።

«የት ነበርክ?» አለችው በሹክሹክታ፣ ጥርሷን ነክሳ።

«ነፋስ ስቀበል።»

«በሲሚንቶ ላይ?»

«ነፋስ አለው» አለ ይታየው፣ ፊት ፊቱን እያየ።

ማሙሽ ክሱ ሲነበብለት «አዎ፣ የኔ ነው» አለ። መከራከሪያ የለህም ወይ ቢባል የለኝም አለ። ስላመነ፣ የወንጀል ሪከርድም ስላልነበረበት ተቀንሶ ጥቂት ወር ተፈረደበት። ዋሷ ተሰናበተች። ፖሊሱ ይዞት ሲወጣ ማሙሽ በእህቱ ፊት አለፈና ጎንበስ ብሎ ትከሻዋን ሳማት። «አልሸሸሁም» እንኳ አላለም።

ታሪኩን የሰማችው በኋላ፣ ማረሚያ ቤት ምሳ ይዛለት ስትሄድ ነው። ማሙሽ ትንሽ ወፍሯል፤ ዐይኑም ጠርቷል። በአጥሩ ወዲያና ወዲህ ሆነው ስለ ሰፈሩ ሲያወሩ ቆዩና፣ ድንገት፣

«እታለም፣ ያን ቀን ጥዬሽ እየሄድኩ ነበር» አላት።

«የቱን ቀን?»

«የቀጠሮውን። ጎሕ ሳይቀድ መናኸሪያ ገባሁ፤ አውቶቡስ ውስጥ ተቀመጥኩ። ሊነሣ ሲል ጋሼ ይታየው ገብቶ አጠገቤ ተቀመጠ። ‹ወዴት ነው?› አለኝ። ‹ደብረ ብርሃን› አልኩት። ‹እኔም› አለኝ። ረዳቱ ሲመጣ የሁለታችንንም ከፈለ።»

ወሰንየለሽ የአጥሩን ሽቦ ያዘች። «ስለ ቀጠሮው ምን አለህ?»

«አንድም ቃል አላለኝም።»

«ታዲያ ያን ሁሉ መንገድ ምን አለህ?»

«ስለ በግ አወራኝ። የመንዝ በግ ላቱ ለምን እንደሚሰፋ። ሱፉ ለምን እንደሚሻክር። የተባሉ በጎች ሁሉ አልቀሩትም። መጨረሻ ላይ ሲሰለቸኝ ‹ጋሼ፣ አንተ ደብረ ብርሃን ምን ጉዳይ አለህ?› አልኩት። ‹ምንም› አለኝ። ‹አንተ የምትወርድበት እወርዳለሁ።› ‹አዲስ አበባ ድረስ ብሄድስ?› አልኩት። ‹አዲስ አበባን አይቻት አላውቅም› አለኝ። ‹ከዚያም አልፌ ብሄድ?› ስለው ትንሽ አሰበና፣ ‹እኔ ምን ሥራ አለኝ፤ ወፍጮውን እንደሆነ ያሽጉታል› አለኝ። አልተቆጣም፣ እታለም። ዝናብ ሊዘንብ ነው እንደሚል ሰው ነው ያለው።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ሞላሌ ሳንደርስ ‹ወራጅ አለ!› አልኩ። እሱ ቀድሞኝ ተነሣ።»

ወሰንየለሽ ባዶውን ሳህን ይዛ ወደ ቤቷ ሄደች። በመንገዷ ላይ መጀመሪያ ተናደደች። ያን ቀን በዚያች ወንበር ላይ ብቻዋን ያሳለፈችውን እያሰበች፣ እንዴት አንዲት ቃል አይተነፍስልኝም አለች። ቀስ እያለች ስትሄድ ግን ንዴቱ እየሳሳ መጣ። ቢነግራት ኖሮ መሐላውን አፈረስክ ትለው ነበር። አላፈረሰም፤ አውቶቡስ አልሳፈርም ብሎ አልማለም። ከዚያ ደግሞ ብትለምነው የማይሰማት፣ ብትከለክለው የማያቆም፣ ሲያኮርፉት የሚታገሥ ያ ግትር ሰው አዲስ አበባ ድረስ፣ ከዚያም ወዲያ ድረስ፣ ስለ በግ እያወራ ሲሄድ ታያት።

ስትደርስ ይታየው ወፍጮውን ዘግቶ ደጃፉ ላይ ተቀምጧል። ከመንዝ ሜዳ የሚመጣው የማታ ብርድ ጀምሯል።

«ማሙሽ እንዴት ነው?» አላት።

«ደህና ነው። ዛሬ ብዙ አወራኝ።»

ይታየው ቀና አለ። «ስለ ምን?»

«ስለ በግ» አለች ወሰንየለሽ።

ይታየው መሬት ላይ ያለ አንድ ድንጋይ በጣም ይፈልገው ይመስል ዐይኑን ጣለበት። እሷም አጠገቡ ተቀመጠችና፣ ዱቄቱ እንደሚነካት እያወቀች፣ የለበሰችውን ጋቢ ግማሹን ትከሻው ላይ ጣለችለት።